የቦክስ ዶክመንተሪ ስሰራ የያዝኩት ማስታወሻ፣ ከጥቅምት እስከ ሰኔ 2017

ጥቅምት፣ ሳምንት 1

ስራዬ ሰርግ ቀረጻ ነው፣ ስምንት አመት ሆነኝ። እዚህ ጂም የገባሁት ኮች ለቲክቶክ የምትሆን የአንድ ደቂቃ ቪዲዮ ፈልገው በሰው በሰው አስጠርተውኝ ነው፣ በ4,000 ብር ተስማማን፣ አንድ ከሰዓት ቀርጬ ልወጣ ነበር። ልምምዱ አልቆ ልጆቹ ሲበታተኑ ካሜራውን ቦርሳ ውስጥ እየከተትኩ ኮች የ51 ኪሎውን ልጅ ፋሻ ሲፈቱለት አየሁ። አንዱ የእጅ ፋሻ 4 ሜትር ተኩል ነው፣ እሳቸው ደግሞ አይቸኩሉም፣ እየፈቱ ይጠይቁታል፣ ዛሬ ስንት ቢያጆ ሰራችሁ (ልጁ ታክሲ ላይ ረዳት ነው)፣ ምሳ ምን በላህ፣ እናትህ ተሻላት ወይ። ካሜራውን መልሼ አወጣሁና አራት ደቂቃ ቀረጽኩ። ማታ ቤት ገብቼ ጡጫውን ትቼ ያቺን አራት ደቂቃ ነው ደጋግሜ ያየሁት።

ስለዚ ዶክመንተሪ ልሰራ ነው። 25 ደቂቃ አካባቢ፣ አንድ ጂም፣ አንድ ኮች፣ ሁለት ልጆች፣ የካቲት መጨረሻ ላይ ባለው ውድድር ያልቃል። የልጆቹን ስም እዚህ አልጽፍም፣ ኪሎአቸውን ነው የምጽፈው፣ 51 እና 57፣ ጂም ውስጥም ብዙ ጊዜ እንደዛ ነው የሚጠሯቸው።

ያለኝ እቃ፦ ለሰርግ የምሰራበት ካሜራ፣ 24-70 ሌንስ፣ 35 ሚሊ ኤፍ 1.8፣ አንድ ትራይፖድ፣ አንድ ጥንድ ገመድ አልባ ማይክ፣ ሁለት በባትሪ የሚሰሩ ኤልኢዲ ፓነሎች። የሚጎድለኝ የድምጽ ሪከርደርና ሃርድ ዲስክ ነው። ሐምሌ ላይ ብሩ ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ የእቃ ዋጋ ሌላ ሆኗል፣ ዱሮ አስቤው የነበረውን ሪከርደር አሁን በዛ ዋጋ ሽፋኑንም አልገዛበትም፣ ስለዚ ኪራይ።

ቦክስ ላይ ፊልም የሰሩ ሰዎች መጀመሪያ እንዴት እንደገቡበት ሳነብ ሰነበትኩ፣ ከሁሉም የያዘኝ የሊዮን ጋስት ነገር ነው፣ ስለ አሊና ፎርማን ግጥሚያ "ዌን ዊ ዌር ኪንግስ" የሚለውን ዶክመንተሪ የሰራው። ሰውየው ፎቶ አንሺ ነበር፣ ከዛ ወደ ሙዚቃ ፊልም ገባ፣ ኒውዮርክ ውስጥ የሳልሳ ኮንሰርት ቀርጾ በፈረንጅ 1972 አወጣ። በ1974 ኪንሻሳ የሄደውም ለቦክስ ብሎ አይደለም፣ ከመሐመድ አሊና ከጆርጅ ፎርማን ግጥሚያ ጋር ተያይዞ የተዘጋጀውን የሶስት ቀን ኮንሰርት ሊቀርጽ ነው፣ ጄምስ ብራውን፣ ቢቢ ኪንግ፣ ሚሪያም ማኬባ የነበሩበትን። ለሌላ ጉዳይ ገብቶ እዛው መቅረት ምን እንደሆነ ስለማውቀው ይሄ ታሪክ ከጭንቅላቴ አልወጣ አለ።

ጥቅምት፣ ሳምንት 3

የአራት ቀን ቀረጻ ተበላሸብኝ። ጂሙ ውስጥ ያሉት መብራቶች የዱሮ ረጃጅም ፍሎረሰንት ናቸው፣ የኛ ሀገር መብራት ደግሞ 50 ኸርዝ ስለሆነ ቱቦው በሰከንድ 100 ጊዜ ይደምቃል ይደበዝዛል፣ አይን አያየውም ካሜራ ያየዋል። እኔ ለአንድ ከአሜሪካ ለመጣ ሙሽራ ብዬ ካሜራውን ኤንቲኤስሲ (የአሜሪካው የቪዲዮ ስታንዳርድ) ላይ አድርጌው ነበር፣ 30 ፍሬም፣ ሹተር 1/60፣ መልሼ አልቀየርኩትም። በትንሿ ስክሪን ላይ ምንም አይታይም ነበር። ቤት ኮምፒውተር ላይ ሲከፈት ጥቁር መስመር ከላይ ወደ ታች እየተንከባለለ በሁሉም ፊት ላይ ያልፋል።

መጀመሪያ በሶፍትዌር ላስተካክለው ሞከርኩ። የምጠቀመው ነጻውን ዳቪንቺ ሪዞልቭ ነው፣ ፍሊከር ማጥፊያው የሚከፈልበት ላይ ነው ያለው። አንድ ዘዴ አገኘሁ፣ ያንኑ ክሊፕ ሁለቴ ደራርቦ የላይኛውን በአንድ ፍሬም ማዘግየትና ኦፓሲቲውን 50 ማድረግ፣ መስመሩ በግማሽ ይቀንሳል። ሰው ቁጭ ብሎ ሲያወራ ይሰራል፣ ጡጫ ላይ ግን እጁ ሁለት ሆኖ ነው የሚታየው። ከአራቱ ቀን የተረፈው 11 ደቂቃ ነው፣ ያ የመጀመሪያው የፋሻ ቀረጻ ደግነቱ ኮች መስኮቱ ስር ተቀምጠው ስለነበር በቀን ብርሃን ነው፣ ተርፏል።

ከዚህ በኋላ፦ ፓል (ለ50 ኸርዝ ሀገር የሚሆነው ስታንዳርድ)፣ 25 ፍሬም፣ ሹተር 1/50፣ ስሎው ሞሽን ስፈልግ 100 ፍሬም በ1/100፣ ከዚህ ውጪ የለም። በወረቀት ጽፌ ካሜራው ስር በፕላስተር ለጥፌዋለሁ።

ሌላው ችግር ፎከስ ነው። አውቶፎከሱ ልጁን ትቶ የሪንጉን ገመድ ይይዛል፣ በተለይ ከውጪ ሆኜ በገመዶቹ መሃል ስቀርጽ። ሁለት ሳምንት ታገልኩትና ትቼው ማንዋል ገባሁ፣ 24 ሚሊ ላይ፣ ኤፍ 4፣ ሁለት ሜትር ተኩል ላይ አስቀምጬ እኔ ነኝ የምጠጋው የምርቀው። ሰርግ ላይ ሙሽራዋ ቆማ ትጠብቅሀለች፣ እዚህ ማንም አይጠብቅህም፣ እግር ማንበብ መልመድ አለብህ፣ ጃብ (በፊተኛው እጅ የሚወረወር ቀጥታ ጡጫ) ከመምጣቱ በፊት የፊተኛው እግር ትንሽ ይቀድማል፣ እሱን ካየህ ካሜራውን ቀድመህ ታዞራለህ።

ህዳር፣ ሳምንት 1 እና 2

ድምጽ። ይሄ ከስዕሉ በላይ ነው የደከምኩበት።

51 ደረት ላይ ላቫሊየር (ሰውነት ላይ የሚለጠፍ ትንሽ ማይክ) ለጠፍኩ፣ በስድስት ደቂቃ ውስጥ ላቡ ገባበትና አንዱ ማይክ እስከመጨረሻው ሞተ፣ 3,800 ብር። ከዛ ጭንቅላቱ መከላከያ ውስጥ ልደብቀው ስል ኮች ተቆጡ፣ ልክ ናቸው፣ ጡጫ የሚያርፍበት ቦታ ላይ ብረት ያለው እቃ አይደረግም፣ ሳላስብ ነው ያደረግኩት፣ ይቅርታ ጠይቄያለሁ።

ማይኩን ለራሳቸው ለኮች አደረግኩላቸው። ሁሉም ነገር ተቀየረ። ሲያስተምሩ፣ ሲያጉረመርሙ፣ ብቻቸውን ሲቆጥሩ፣ ሁሉም ጥርት ብሎ ይሰማል፣ የልጆቹ ትንፋሽ እንኳን ሲጠጉ አብሮ ይገባል።

ለጡጫውና ለእግሩ ድምጽ የተከራየሁትን ሪከርደር (በቀን 800 ብር) ሪንጉ ስር አሰርኩት። የመጀመሪያው ቀን ከበሮ ውስጥ የገባህ ነው የሚመስለው፣ ሪንጉ ወለሉ ጣውላ ስለሆነ እያንዳንዱ እርምጃ በእንጨቱ በኩል ቀጥታ ወደ ማይኩ ይሄዳል። ስፖንጅ ጠቀለልኩበት፣ ትንሽ ቀነሰ። በመጨረሻ ሰፈራችን ካለው ጎሚስታ ያረጀ ካላማዳሪ ለምኜ ወስጄ እንደ ላስቲክ ቆራርጬ ሪከርደሩን በአራት በኩል አንጠለጠልኩት፣ እንጨቱን ሳይነካ በአየር ላይ ሆነ፣ ሰራ። ዋጋ ዜሮ። ልኬቱን ዝቅ አድርጌ ነው የምይዘው፣ ንግግር 18 ዲሲቤል ከዜሮ በታች፣ ከዛም ሌላ ትራክ በ12 ቀንሼ፣ ምክንያቱም አንድ ጥሩ ሁክ (ከጎን የሚመጣ ጡጫ) ሳንድባጉ ላይ ሲያርፍ ያለማስጠንቀቂያ ይፈነዳል።

ህዳር፣ ሳምንት 4

ወረቀት። ለኮችና ለሁሉም ልጆች የፈቃድ ፎርም በአማርኛ ጻፍኩ፣ አንድ ገጽ፣ ምን እንደምቀርጽ፣ የት እንደሚታይ፣ ፊልሙ ሳያልቅ በፊት ሀሳባቸውን መቀየር እንደሚችሉ። ከ18 በታች ያሉት አራት ልጆች ቤተሰብ ይፈርማል። መንገድ ላይ ሩጫ ለመቅረጽ ደግሞ የፈቃድ ደብዳቤ ያስፈልግ ነበር፣ አንድ ቢሮ አምስት ቀን አመላለሱኝ፣ ማህተም የሚመታው ሰው ስብሰባ ነው፣ ነገ ና፣ በስድስተኛው ቀን ተሰጠኝ።

57 ፎርሙን ይዞ ሄደና ሳይፈርም መለሰልኝ። 20 አመቱ ነው፣ የማንም ፊርማ አያስፈልገውም፣ ግን እናቱ ቦክስ እንደሚሰራ አያውቁም፣ ጂም ሄጄ ክብደት አነሳለሁ ነው የሚላቸው። "ወንድሜ፣ ቅረጸኝ፣ ግን ፊቴ እንዳይታይ" አለኝ። ፊቱ የማይታይ ዋና ሰው ያለው ፊልም እንዴት እንደሚሰራ አላውቅም። እስካሁን እሱ ያለባቸው ሶስት ጥሩ ትዕይንቶች አሉ፣ ሁሉንም ለየት ባለ ፎልደር አስቀመጥኳቸው፣ እስኪፈርም ኤዲት ውስጥ አይገቡም።

ታህሳስ እና ጥር

ጥር የሰርግ ወር ነው፣ ጂሙን በሳምንት አንድ ቀን ብቻ ነው የማየው። ዘጠኝ ሰርግ ሰራሁ፣ ከዛ ላይ ለፊልሙ 62,000 ብር መደብኩ። ባለ 2 ቴራ ሃርድ ዲስክ ሁለት ገዛሁ፣ አንዱ 14,500። ሁለት የሆነበት ምክንያት ታህሳስ ላይ አንዱን አሮጌ ዲስክ ከጠረጴዛ ጥዬው የሶስት ቀን ቀረጻ ይዞ ስለሞተ ነው። ጥገና ቤት ወሰድኩት፣ የውስጥ አንባቢው ተሰብሯል፣ እዚህ ሀገር አይሰራም አሉኝ። አሁን እያንዳንዱ ካርድ ያን ቀን ማታውኑ ሁለት ቦታ ይገለበጣል፣ በሳምንቱ መጨረሻ አንደኛው ዲስክ አዳማ እህቴ ቤት ይሄዳል። ሁለቱ ሳይጣሩ ካርድ ፎርማት አይደረግም።

የካቲት

ውድድሩ ተራዘመ። ሊጀመር ስምንት ቀን ሲቀረው ነው የተነገረን፣ ከፋሲካ በኋላ ይሆናል ብለው። 51 ኪሎውን ጨርሶ ነበር፣ 50.8። ኮች ሲነግሩት ምንም አላለም፣ ገመድ አንስቶ መዝለል ጀመረ፣ ሃያ ደቂቃ። ቀረጽኩት፣ ግን ውስጤ ተናዶ ነበር የምቀርጸው፣ እቅዴ ሁሉ በዛ ቀን ላይ ነበር የታሰረው፣ የተከራየሁት እቃ፣ ሁለተኛ ካሜራ የሚይዝልኝ ጓደኛዬ ፈቃድ የወሰደው፣ ሁሉም።

ያን ማታ ወደ ጋስት ታሪክ ተመለስኩ። የኪንሻሳው ግጥሚያ የታሰበው ለሴፕቴምበር 25 ነበር፣ ዘጠኝ ቀን ሲቀረው ፎርማን ልምምድ ላይ ከአይኑ በላይ ተሰነጠቀና ወደ ኦክቶበር 30 ተገፋ። ኮንሰርቱ በቀኑ ተደረገ፣ አለቀ፣ የመጣበት ስራ ማለት ያ ነበር። ጋስት ግን ካሜራውን ይዞ ከአሊ ጋር ቀረ። አሊ ወንዝ ዳር ሲሄድ፣ ከልጆች ጋር ሲጫወት፣ ሲያወራ፣ ሲያወራ፣ ሰዉ "አሊ ቦማዬ" (አሊ ግደለው) ሲል፣ አሁን ያንን ፊልም ፊልም የሚያደርገው ነገር በዛ በተራዘመው ጊዜ የተያዘ ነው። በዛ ላይ ዘመኑ ፊልም ነው፣ በ16 ሚሊ አንድ ባለ 400 ጫማ ጥቅል 11 ደቂቃ ነው የሚይዘው፣ ሰውየው የሚቆጥረው ደቂቃ ነበረው፣ እኔ 128 ጊጋ ካርድ ይዤ ነው የምናደደው።

የአዲሱ እቅድ ርዕስ "ጥበቃ" ነው። በየሁለት ቀኑ እሄዳለሁ፣ ምንም ቢሆን ባይሆን።

የካቲት መጨረሻ እና መጋቢት

ዘንድሮ ሁዳዴና ረመዳን አንድ ላይ መጡ፣ ሁዳዴ የካቲት 17 ገባ፣ ረመዳን የካቲት 22። 57 ኦርቶዶክስ ነው፣ 51 ሙስሊም። ሁለቱም ጾመኛ፣ ሁለቱም አብረው ስፓሪንግ (የልምምድ ግጥሚያ) የሚያደርጉ። ኮች የልምምዱን ሰዓት በሙሉ አዞሩት፣ ቀላሉ ልምምድ ከአፍጥር በፊት፣ ከባዱ ከአፍጥር በኋላ ማታ 2 ሰዓት ተኩል። 57 በስጋ ፈንታ ምን እንደሚበላ ጥቁር ሰሌዳው ላይ ጽፈውለታል፣ ሽሮ፣ ምስር፣ ተልባ፣ ለውዝ። 51 አፍጥሩን ጂም ውስጥ ነው የሚያደርገው፣ ቴምርና ውሃ፣ ከዛ ጥግ ላይ ካርቶን አንጥፎ ይሰግዳል፣ 57 በዛን ሰዓት ሳንድባግ አይመታም፣ ማንም አልነገረውም፣ ዝም ብሎ ገመዱን ይዞ ይቆማል። ይሄን በአንድ ሾት ይዤዋለሁ፣ ሶስት ደቂቃ ከአስር፣ ትራይፖድ ላይ፣ 35 ሚሊ። እስካሁን ከቀረጽኩት ሁሉ አንድ ሾት ብቻ አስቀር ብባል ይሄንን ነው።

ማታ ስለሆነ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር ይነሳል፣ ድምጹ ሁሉን ነገር ይውጣል። ሁለት ቀን ከተበላሸብኝ በኋላ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተሩ ሳይነሳ ያለችውን አንድ ሁለት ደቂቃ በስልክ ባትሪ ብርሃን ቀረጽኳት። አይኤስኦ 12,800፣ ጥራጥሬ ሞልቶታል፣ ያምራል።

የጠዋት ሩጫም በዚህ ወር ነው፣ መስቀል አደባባይ ደረጃው ላይ፣ 11 ሰዓት ተኩል ንጋት። ከተማዋ ከባህር ወለል በላይ 2,300 ሜትር ላይ ናት፣ ካሜራ ይዤ አብሬያቸው ደረጃ ስወጣ አራተኛው ዙር ላይ እጄ መንቀጥቀጥ ጀመረ፣ ሾቱ አልሆነም። በማግስቱ ታች ቆሜ በረጅም ሌንስ ያዝኳቸው።

ኮችን ኢንተርቪው ያደረግኳቸውም መጋቢት ላይ ነው። ስለ ኪንሻሳ ስጠይቃቸው ሳቁ። ያን ጊዜ 11 አመታቸው ነበር፣ ጥቅምት 20፣ 1967፣ ጃንሆይ ከወረዱ ሁለት ወር አልሞላም። ግጥሚያው እዛ ከሌሊቱ 10 ሰዓት ላይ ነው የተደረገው፣ በኛ ሰዓት ጠዋት 12 ሰዓት ማለት ነው። ሰፈራቸው ሬዲዮ ያለው አንድ ቤት ነበር፣ የሰውየው ግቢ በር ላይ ልጆች ተሰብስበው ወሬውን ሲጠብቁ ዋሉ፣ አሊ በስምንተኛው ራውንድ ጣለው ሲባል እሳቸው ሮጠው ቤት ገብተው የእናታቸውን ነጠላ ቀደው እጃቸው ላይ ጠቀለሉ። "የመጀመሪያው ፋሻዬ እሱ ነው፣ ተገርፌበታለሁ" አሉ። ፋሻ ለምን ቀስ ብለው እንደሚፈቱ ጠይቄያቸው አላውቅም ነበር፣ አሁንም አልጠየቅኩም።

ሚያዝያ

የአርካይቭ ስራ። ኮች ይሄን ሲያወሩ የአሊን ስዕል ማሳየት ፈለግኩ። ኢንተርኔት ላይ አለ፣ ማውረድ ደቂቃ አይፈጅም፣ ግን የኔ አይደለም። የፈቃድ ዋጋ በሰከንድ ነው የሚታሰበው፣ አንድ ቦታ ጠይቄ የመለሱልኝን ሳየው የ15 ሰከንድ ዋጋ ከጠቅላላ ባጀቴ በላይ ነው። ተውኩት።

የቦክስ ፊልምና የባለቤትነት ጣጣ ግን ከጥንትም አብረው ናቸው። በፈረንጅ 1897 ኔቫዳ ካርሰን ሲቲ ላይ የኮርቤትና የፊትስሲመንስ ግጥሚያ ሙሉውን ሲቀረጽ ሲኒማ ገና ልጅ ነበር፣ ፊልሙ ከ100 ደቂቃ በላይ ሄደ። በ1910 ጃክ ጆንሰን ሬኖ ላይ ጄፍሪስን ሲያሸንፍ፣ ጥቁር ነጭን ሲመታ እንዳይታይ የፈለጉ ሰዎች ተነሱና በ1912 የቦክስ ፊልም ከአንዱ ስቴት ወደ ሌላው እንዳይጓጓዝ ህግ ወጣ፣ ህጉ እስከ 1940 ቆየ። ጂም ጃኮብስ የሚባለው ሰው፣ ራሱ የሃንድቦል ሻምፒዮን የነበረ፣ ጊዜውን እነዚህን የተበታተኑ ፊልሞች በመሰብሰብ አሳለፈ፣ ከነሱ ዶክመንተሪዎች ሰራ፣ በኋላም ከማይክ ታይሰን ማናጀሮች አንዱ ሆነ። የዛ ሰው ስራ መሰረቱ ሳጥን ውስጥ ያለ ሪል ነበር።

የጋስት ደግሞ የባሰ ነው። ከኪንሻሳ ሲመለስ ገንዘብ ሰጪዎቹ ቆሙ፣ ቀረጻው የማን ነው የሚለው ፍርድ ቤት ደረሰ፣ ዓመታት። ሌላ ፊልም እየሰራ ኖረ። ጓደኛው ዴቪድ ሶነንበርግ ገንዘብ ይዞ ገባ፣ ቴይለር ሃክፎርድ አዲስ ኢንተርቪዎች ጨመረበት፣ 22 አመት ቆይቶ በ1996 ወጣ፣ በማርች 1997 ኦስካር ወሰደ፣ አሊና ፎርማን አብረው መድረክ ላይ ወጡ፣ ፎርማን አሊን ደግፎ። ጋስት በ1974 38 አመቱ ነበር፣ ሽልማቱን ሲቀበል 60። ይሄን ካነበብኩ በኋላ ለኮች አዲስ ወረቀት ጻፍኩ፣ ቀረጻው የማን እንደሆነ፣ ገንዘብ ቢያመጣ ለጂሙ ስንት እጅ እንደሚሄድ፣ ሁለት ምስክር ፈርሞበት እያንዳንዳችን አንድ አንድ ቅጂ ወሰድን።

በአሊ ፈንታ የኮችን የፎቶ አልበም ተጠቀምኩ። ፎቶዎቹ ላይ ያለው ፕላስቲክ ብርሃን እየመለሰ አስቸገረ፣ መጨረሻ ላይ መስኮት አጠገብ በጎን ብርሃን፣ መብራት ሁሉ አጥፍቼ፣ ካሜራውን ከላይ ቀጥ አድርጌ አነሳኋቸው። 34 ፎቶ፣ ሙሉ ቀን።

ሌላ ነገር፣ ከፋሲካ በኋላ ሰኞ ጠዋት 57 ደወለ። "እማዬ አወቀች" አለኝ። አንድ የሰፈር ሰው ነግሯቸው። ሶስት ቀን አላናገሩትም፣ በአራተኛው ቀን ጂም መጥተው አንድ ሰዓት ቁጭ ብለው አይተው፣ ኮችን ብቻ "አደራ" ብለዋቸው ሄዱ። እኔ ያን ቀን አዋሳ ሰርግ ላይ ነበርኩ። የለኝም። ፎርሙን ግን ፈርሞ አመጣ።

ግንቦት፣ የውድድሩ ቀን

51 ብቻ ነው የገባው፣ 57 የጎድን አጥንቱን አሞት ኮች ከለከሉት። እቅድ፦ እኔ በ24 ሚሊ ሪንግ ስር፣ ጓደኛዬ በሁለተኛ ካሜራ ትሪቡን ላይ ሙሉ ሪንጉን በአንድ ቋሚ ሾት። አማተር ሶስት ራውንድ ነው፣ በሶስት ሶስት ደቂቃ፣ በመሃል አንድ ደቂቃ እረፍት። አንደኛው በቀይ ሌላው በሰማያዊ ስለሆነ ካሜራ የትም ቢዞር ተመልካች አይጠፋበትም፣ ለኤዲት ትልቅ ነገር ነው።

ቦታው ላይ ከአንድ ጥግ ውጪ መንቀሳቀስ ክልክል ተባልኩ። ስለዚ የ51 ኮርነርን መረጥኩ፣ የማየው በአብዛኛው ኮችን ነው፣ ጡጫውን ለላይኛው ካሜራ ተውኩት። የገመድ አልባው ማይክ ምልክቱ ተቆራረጠ፣ 2.4 ጊጋኸርዝ ላይ ነው የሚሰራው፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው ስልኩን ይዟል። ያዳነኝ ማስተላለፊያው ራሱ ውስጡ ስለሚቀዳ ነው፣ ከህዳር ጀምሮ ሁሌ አበራዋለሁ።

ከአንደኛው ራውንድ በኋላ ያለውን እረፍት በኋላ ሰዓት ይዤ ለካሁት። 60 ሰከንድ ይባላል እንጂ ልጁ እስኪቀመጥና ውጡ እስኪባሉ ኮች ያላቸው 40 ገደማ ነው። የመጀመሪያውን 15 ምንም አይናገሩም፣ ውሃ፣ ፎጣ፣ እጃቸውን ሆዱ ላይ አድርገው ትንፋሹን ይጠብቃሉ። ከዛ ሁለት አረፍተ ነገር። "ግራህን ስትመልስ ዝቅ ታደርጋለህ። አትቸኩል ልጄ።" አለቀ።

ሁለተኛው ራውንድ ላይ 51 ቀኝ እጅ በላ፣ ዳኛው ስምንት ቆጠረበት። ላይኛው ካሜራ አልያዘውም። ጓደኛዬ ከፊታችን ከነበረው ግጥሚያ ጀምሮ ሪከርድ አድርጎ ትቶታል፣ ካሜራው የቆየ ሞዴል ነው፣ 29 ደቂቃ ከ59 ሰከንድ ላይ ራሱ ያቆማል፣ የቆመውም ልክ ሁለተኛው ራውንድ ገብቶ 40 ሰከንድ ላይ ነው። ጥፋቱ የኔ ነው፣ በየግጥሚያው አጥፍተህ አብራ አላልኩትም። በነጥብ 4 ለ 1 ተሸነፈ።

ግንቦት መጨረሻ እና ሰኔ፣ ኤዲት

87 ሰዓት ቀረጻ። መጀመሪያ ያለ ተራኪና ያለ ኢንተርቪው ለመስራት ሞከርኩ፣ አሜሪካዊው ዶክመንተሪ ሰሪ ፍሬድሪክ ዋይዝማን ኦስቲን ቴክሳስ ባለ ጂም ውስጥ ሰርቶ በፈረንጅ 2010 እንዳወጣው አይነት። አልሆነልኝም፣ ያ አሰራር እያንዳንዱ ትዕይንት መግቢያና መውጫው ተሟልቶ የተቀረጸ መሆን አለበት፣ የኔ ግማሹ መሃል ላይ ነው የሚጀምረው። የኮችን ድምጽ አስገባሁ፣ ከዛም ሶስት ጽሁፍ።

ለጠፋው ቆጠራ፣ ኮች ፊት ላይ ብቻ ቆየሁ፣ ከታች የሪንጉ ድምጽ፣ ዳኛው ሲቆጥር። ለአምስት ሰው አሳየሁ፣ ሶስቱ ልጁ መውደቁ አልገባቸውም። እና በዛ ቀን አዳራሽ የነበሩ ሰዎችን መፈለግ ጀመርኩ፣ በአስር ቀኑ አንዲት ልጅ በስልኳ ይዛው ተገኘች፣ በቁመት የተቀረጸ፣ 22 ሰከንድ። ገንዘብ አልቀበልም አለች፣ የፈቃድ ወረቀት አስፈርሜ የ1,000 ብር ካርድ ሞላሁላት። ስልኩ ፍሬም ሬቱ ስለሚዋዥቅ ድምጹና ስዕሉ እየተራራቀ ሄደ፣ ሃንድብሬክ በሚባል ሶፍትዌር ወደ ቋሚ 25 ፍሬም ቀይሬ ነው ያስተካከልኩት። አሁን ዘጠኝ ሰከንድ ኮች፣ ከዛ ስልኩ፣ ከነቁመቱ፣ ግራና ቀኙ ጥቁር። ልሰፋው አልፈለግኩም።

የ57ን እናት ነገር እንዴት እንደምነግረው ሳምንት ፈጀብኝ። እንደገና መጥተው ቢቀመጡ ብዬ ልጠይቃቸው ነበር፣ ተውኩት፣ የተቀመጡበትን አግዳሚ ባዶውን ቀርጬ 57 ራሱ ሲናገር ከላዩ አደረግኩት።

ወጪ እስከ ዛሬ፦ ኪራይ 31,200፣ ዲስክ 29,000፣ ማይክ 3,800፣ ትራንስፖርት 17,000 ገደማ፣ ምሳና ሻይ ያልመዘገብኩት ብዙ ነው። ከለር ራሴ ሰራሁት፣ የፍሎረሰንቱን አረንጓዴ ሙሉ በሙሉ አላጠፋሁትም፣ ጂሙ እንደዛ ነው የሚመስለው።

ሰኔ 21

23 ደቂቃ ከ40 ሰከንድ። ፕሮጀክተር ተከራይቼ (1,500) ጂሙ ግድግዳ ላይ አሳየሁ፣ ሪንጉ ላይ ቁጭ ብለው አዩ። ቆጠራው ጋ ሲደርስ 51 አንገቱን ደፋ፣ ሲያልቅ ግን መጥቶ ያንን ቦታ መልስልኝ አለኝ፣ ሶስቴ መለስኩለት፣ ግራ እጁን እያየ ነበር። ኮች በመጨረሻ አንድ ነገር ጠየቁኝ፣ የእናታቸውን ነጠላ የሚያወሩበት ቦታ ላይ ድምጻቸው ትንሽ ዝቅ ብሏል፣ ሶስት ዲሲቤል ጨመርኩ።

በፍላሽ አንድ ለኮች፣ አንድ ለ57 እናት፣ አንድ አዳማ። ቅዳሜ እንጦጦ ሩጫ አላቸው፣ 57 ጎኑ ድኗል፣ ባትሪዎቹን ቻርጅ ላይ አድርጌያለሁ።